አምሃ እሸቴን ሳስብ፦ ዘፋኝ ማሳደግ ምን ዓይነት ሥራ ነው?

ስለ ሸክላ አሳታሚው አምሃ እሸቴ ሲወራ መጀመሪያ የሚነሳው ድፍረቱ ነው። እውነትም ደፋር ነበር። እ.ኤ.አ. በ1948 በወጣ የንጉሠ ነገሥቱ ትእዛዝ፣ ሸክላ ማሳተምም ሆነ ከውጭ ማስመጣት ለሀገር ፍቅር ብቻ የተሰጠ መብት ነበር። ከሃያ ዓመት በኋላ አዲስ አበባ በወጣት ዘፋኞች ስትናወጥ፣ የእነሱን ድምፅ ሸክላ ላይ የሚያወጣ ሁነኛ ሰው አልነበረም። አምሃ ያኔ ገና በሃያዎቹ ዕድሜ ላይ ነው። ሐራምቤ የሚባል ሙዚቃ ቤት ነበረው፣ የውጭ ሸክላ ይሸጥ ነበር። በ1969 (ዓ.ም. ካላልኩ በቀር ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ትእዛዙን ወደ ጎን ትቶ አምሃ ሪከርድስን ጀመረ። የመጀመሪያው ዘፋኙ ዓለማየሁ እሸቴ ነበር። ትእዛዙን መጣሱ አምሃን እስር ቤት ሊያስገባው ይችል ነበር፣ አላስገባውም። ከዚያ በኋላ ሌሎች አሳታሚዎች ተከተሉ፣ ፊሊፕስም መጣ፣ ካይፋም መጣ፣ በሩ ተከፈተ።

እኔ ግን ስለ ድፍረቱ ብዙ መጻፍ አልፈልግም። ድፍረት አንድ ሸክላ ያሳትማል። አምሃ በስድስት ዓመት ውስጥ 103 ትናንሽ ሸክላዎችና 12 ትልልቅ ሸክላዎች አውጥቷል። ይህን የሚያወጣው ድፍረት ሳይሆን ጆሮ ነው፣ ትዕግሥት ነው፣ ሰውን ከሰው ማገናኘት ነው። የዚህን ሥራ ስም እንኳ በአማርኛ በትክክል አልያዝነውም። ፕሮዲዩሰር እንላለን፣ አሳታሚ እንላለን፣ ማናጀር እንላለን፣ አንዳንዴ ዝም ብለን "ባለ ሙዚቃ ቤቱ" እንላለን። እኔም ሥራዬ ይኸው ነው። ለዓመታት ስሠራው ስለኖርኩ ከውስጥ ሆኜ ልጽፍበት ፈለግኩ።

ሰው የሚመስለው ዘፋኝ ማሳደግ ማለት ጥሩ ድምፅ ማግኘት ነው። ጥሩ ድምፅ ማግኘት ከባድ አይደለም፣ እመኑኝ። አገራችን በድምፅ ድሃ ሆና አታውቅም። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ አለ፣ መንዙማ ላይ አለ፣ ሠርግ ቤት አለ፣ የትኛውም ታክሲ ውስጥ አለ። ከባዱ ያንን ድምፅ ከየትኛው አቀናባሪ ጋር፣ ከየትኛው ግጥም ጋር፣ ከየትኛው ባንድ ጋር እንደምታስቀምጠው ማወቅ ነው። አንድ ልጅ በአንዱ አቀናባሪ እጅ ተራ ሆኖ ይቀራል፣ በሌላው እጅ ያው ልጅ፣ ያው ዜማ፣ ሰው ሬዲዮኑን ከፍ የሚያደርግለት ይሆናል። ይህን ደጋግሜ በዓይኔ አይቻለሁ።

የአምሃ ሸክላዎች ላይ የሚገርመኝ ይህ ነው። ያኔ ትልልቆቹ ዘፋኞች የሚሠሩት በመንግሥት ባንዶች ነበር። ጥላሁን ገሠሠ፣ ብዙነሽ በቀለ፣ ማሕሙድ አሕመድ የክብር ዘበኛ ልጆች ናቸው፣ ዓለማየሁ ደግሞ የፖሊስ ሠራዊት። ብዙ ነፋሽ ያለበት ትልቅ ኦርኬስትራ፣ ዩኒፎርም፣ ሥነ ሥርዓት። ሸክላ የሚያወጣ ሰው ግን ያን ሁሉ ሰው ስቱዲዮ አያስገባም። ትንሽ ባንድ ያስፈልገዋል፣ ለትንሽ ባንድ የሚጽፍ አቀናባሪም ያስፈልገዋል። ደግሞ ባለ 45 ዙር ሸክላ አንዱ ገጽ የሚይዘው ጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው፣ መድረክ ላይ ሰው እየጨፈረ ሩብ ሰዓት የሚዘፈን ዘፈን እዚያ አይገባም። መግቢያው የቱ ጋ ይቆረጥ፣ ሳክስፎኑ መቼ ይግባ፣ አዝማቹ ስንት ጊዜ ይደገም፣ ይህን ሁሉ የሚወስን ሰው ያስፈልጋል።

ግርማ በየነ እዚህ ጋ ነው የሚመጣው። ፒያኖ በራሱ የተማረ ሰው ነው። ሙላቱ አስታጥቄ ደግሞ በእንግሊዝና በቦስተን ሙዚቃ ተምሮ የመጣ። ሁለቱ በምንም አይመሳሰሉም። የግርማ ቅንብር ቀልጠፍ ያለ፣ የሚያስነሳ፣ ለድምፃዊው ቦታ የሚለቅ ነው። ሙላቱ ድባብ ይሠራል፣ ቀስ ይላል፣ ዘፋኙን በጭስ ውስጥ ያስቀምጠዋል። ሁለቱንም የሚያውቅና "ይህ ልጅ ለዚህ ነው፣ ያ ደግሞ ለዚያ" የሚል ሰው ከሌለ፣ ሁለቱም ጎበዞች እያሉ ሥራው ይበላሻል። ከሸክላዎቹ ጋር የወጡትን ስሞች ብቻ ተመልከቱ። ሙሉቀን መለሰ ገና ልጅ ነው። ሰይፉ ዮሐንስና ተሾመ ምትኩ ከሶል ኤኮስ ባንድ ጋር። ጌታቸው ካሣ። ሂሩት በቀለ። አንዱ ከሌላው ጋር አይምታታም። ዛሬ በአንድ ወር የወጡ አሥር ነጠላ ዜማዎችን አከታትዬ ስሰማ፣ የማን የማን እንደሆነ ለመለየት ስም ማንበብ አለብኝ።

ከሁሉም የሚደንቀኝ የ1974ቱ የሙላቱ ትልቅ ሸክላ ነው፣ የካቲት ኢትዮ ጃዝ። ግጥም የሌለበት ሙዚቃ ነው። እስቲ አስቡት፣ ሰዉ ሁሉ መጀመሪያ ግጥሙን በሚሰማበት አገር፣ ሰምና ወርቅ ፍለጋ ጆሮውን በሚያሾልበት አገር፣ ያውም አብዮቱ በፈነዳበት ዓመት፣ መሣሪያ ብቻ የሚጫወትበት ትልቅ ሸክላ ማሳተም። ምን ያህል እንደሚሸጥ አምሃ ሳያውቀው አልቀረም ብዬ እገምታለሁ። ግን አሳተመው። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ ኢትዮፒክስ በሚል ስም ማሳተም ከጀመራቸው ሲዲዎች አራተኛው በ1998 የሙላቱን ሥራዎች ይዞ ወጣ፣ በ2005 ደግሞ ጂም ጃርሙሽ ብሮክን ፍላወርስ ለተባለው ፊልሙ ሙዚቃውን ወሰደው። ዓለም ሙላቱን የሰማው ሥራው ከተሠራ ሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላ ነው። ያን ጊዜ "አይሸጥም" ብሎ የተወው ሰው ቢሆን ኖሮ የሚሰማ ነገር አይኖርም ነበር።

ዛሬ ከእኔ ጋር የሚሠሩ ባለ ገንዘቦችን ይህን ታሪክ ስነግራቸው ደስ ይላቸዋል። ደስ ብሏቸው ሲያበቁ "ታዲያ ይሄኛው በስንት ጊዜ ይመለስልናል?" ይሉኛል። አልፈርድባቸውም፣ ብራቸው ነው። ግን ትዕግሥት የሌለው ገንዘብ ዘፋኝ አያሳድግም።

የአሜሪካኖቹን ሸክላ አሳታሚ ሞታውንን ብዙ ሰው ያውቀዋል። ቤሪ ጎርዲ በ1959 ከቤተሰቡ በተበደረው 800 ዶላር ዲትሮይት ላይ ጀመረ። ከዚያ ታሪክ ውስጥ እኔ የምወደው የብሩን ማነስ አይደለም። ሱፕሪምስ የሚባሉትን ሴት ዘፋኞች በ1961 አስፈረማቸው፣ ዘፈን ቢያወጡም አልሆነም፣ ደገሙ፣ አሁንም አልሆነም። እዚያው መሥሪያ ቤት ውስጥ እስኪያሾፉባቸው ድረስ። አላባረራቸውም። በ1964 ክረምት ነው ነገሩ የተገለበጠው። ከዚያ ወዲያም ማክሲን ፓወል የምትባል ሴት አረማመድና አነጋገር ታስተምራቸው፣ ቾሊ አትኪንስ የመድረክ እንቅስቃሴ ያሠራቸው ነበር። ሙሉ ክፍል ነበር ለዚህ የተቋቋመ። ሦስት ዓመት! ሦስት ዓመት ያልተሳካለትን ዘፋኝ ይዞ የሚጠብቅ አሳታሚ ዛሬ እኛ ጋ ማን አለ?

እርግጥ እኛም ትምህርት ቤት ነበረን። ሆቴሎቹ ነበሩ። አይቤክስ ባንድ ራስ ሆቴል፣ ዋልያስ ሒልተን፣ ዳህላክ ግዮን። በየማታው መጫወት። በደርግ ጊዜ ሰዓት እላፊው ሲመጣ እንኳ፣ ሰዉ ማታ ገብቶ በሩ ተዘግቶበት እስኪነጋ ይጨፍር ነበር፣ ባንዱም እስኪነጋ ይጫወታል። አንድ ዘፋኝ እንዲህ ሆኖ ሁለት ዓመት ሲሠራ ጉሮሮው ይገራል፣ ሰው የሚነሳበትንና የሚቀመጥበትን ያውቃል፣ ከበሮ መቺው ሲሳሳት ሳይደናገጥ ያልፋል። ለስቱዲዮ የሚደርሰው በስሎ ነው። አሳታሚው ከዚያ ላይ መምረጥ ብቻ ነበረበት። እንደ እኔ እምነት የዚያ ዘመን ሸክላዎች ዛሬም የማያረጁበት ምክንያት ይህ ነው፦ ዘፋኙም ባንዱም ያንን ዘፈን አብረው ብዙ ማታ ተጫውተውታል፣ ስቱዲዮ ውስጥም አንድ ክፍል ውስጥ ሆነው አብረው ነው የቀዱት።

አምሃ በ1975 አገር ለቀቀ፣ ዋሽንግተን ሄደ። ምግብ ቤትና የምሽት ክበብ ከፈተ። ሰውየው ግን ሥራውን አልተወም፣ ቦታ ቀየረ እንጂ። በ1981 ዋልያስ ባንድ ከነ ማሕሙድና ጌታቸው ካሣ ጋር ወደ አሜሪካ የሄደበት ጉዞ የእሱ እጅ ነበረበት። ከዚያ ጉዞ ጥቂቶቹ አልተመለሱም። ኃይሉ መርጊያ እዚያው ቀረ፣ ለረጅም ጊዜ ታክሲ ነዳ። በ1985 በአኮርዲዮን የሠራውን ካሴት አንድ አሜሪካዊ ባሕር ዳር ውስጥ አግኝቶ በ2013 ዳግም አሳተመለት፣ ኃይሉም ከታክሲው ወደ ዓለም መድረክ ተመለሰ። ግርማ በየነም ቀረ፣ ነዳጅ ማደያ ውስጥ ሠራ። ይህን ማደያ ነገር ወደ ኋላ እመለስበታለሁ፣ ሆዴን የሚበላኝ እሱ ስለሆነ።

ሸክላው ሲቀር ካሴት መጣ። የእኔ ዕድሜ የሚደርሰው ከዚህ ላይ ነው፣ ያውም መገባደጃው ላይ። የካሴት ዘመን ፕሮዲዩሰሮችን ዛሬ ሰው ሁሉ "ዘፋኝ በዝባዥ" ብሎ ያልፋቸዋል። እኔ እንዲህ በጅምላ አልላቸውም። ዓሊ አብደላ ካይፋን፣ ዓሊ ታንጎ የምንለውን ሰው፣ ውሰዱ። የማሕሙድን ኤረ መላ መላ ያሳተመ ሰው ነው፣ በኋላ አውሮፓ ውስጥ በ1986 እንደገና የታተመውን። የአስቴር አወቀን የመጀመሪያ ካሴቶች ያወጣውም እሱ ነው። አስቴር ገና አስቴር ሳትሆን! ጆሮ የሚባለው ይህ ነው።

ሙዚቃ ቤቶቹ አንድ ትልቅ ነገር ነበራቸው፦ በር ላይ የተሰቀለ ድምፅ ማጉያ። ካሴቱን ከፍተው ወደ መንገዱ ይለቁታል። ሰው ቆም ካለ ገባቸው። ሳይቆም ካለፈ ሁለተኛውን ዘፈን ይሞክራሉ። የገበያ ጥናቱ ይኸው ነበር። ባንኮኒ ጀርባ ቆሜ ብዙ የተማርኩት ከዚያ ነው። ሰው በስንተኛው ሴኮንድ ላይ ቀና እንደሚል፣ የትኛው አዝማች ላይ ከንፈሩ እንደሚንቀሳቀስ። ይህን የትኛውም ትምህርት ቤት አያስተምርም።

የጎደለው ውሉ ላይ ነበር። ልማዱ አንድ ጊዜ ቁርጥ ከፍሎ ማስተሩን፣ ማለትም ዋናውን ቅጂ፣ መውሰድ ነው። ካሴቱ ቢሸጥም ባይሸጥም ዘፋኙ ከዚያ በኋላ ሌላ ነገር አያገኝም። ግጥምና ዜማ ደራሲውም እንደዚያው፣ አቀናባሪውም እንደዚያው። አብሬው የሠራሁት አንድ ሙዚቃ ቤት ውሉን በአንዲት ገጽ ወረቀት ነበር የሚያስፈርመው፣ ዘፋኞቹም ሳያነቡ ይፈርማሉ፣ ምክንያቱም የሚጣደፉት ለገንዘቡ ሳይሆን ስማቸው ካሴት ላይ እንዲታይ ነው። ይህን ጉጉት ያየ ሰው ሁለት ምርጫ አለው። ወይ ይጠብቀዋል፣ ወይ ይበላበታል። በዚያ ቤት የተመረጠው ሁለተኛው ነበር። እዚያ ረጅም ጊዜ አልቆየሁም።

ከዚያ ቅጂው መጣ። ካሴቱ በወጣ በነጋታው የተቀዳው መንገድ ላይ በግማሽ ዋጋ ይሸጣል። በ1996 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 410 የቅጂና ተዛማጅ መብቶችን ሲደነግግ ትልቅ ተስፋ ነበር፣ በ2007 ዓ.ም. ደግሞ በአዋጅ 872 ተሻሻለ። ሕጉ ላይ ዘፋኙም፣ ደራሲውም፣ አሳታሚውም መብት አላቸው። ሆኖም ሕግ ወጥቶ ሥራ ላይ እስኪውል ድረስ ብዙዎቹ ሙዚቃ ቤቶች ወደ ሌላ ንግድ ዞረዋል። ሲዲም ብዙ ሳይቆይ ሄደ።

አሁን ዩቲዩብ ነው። ለዘፋኙ ብዙ ጥሩ ነገር አምጥቷል፣ አልክድም። ማንም ልጅ ባለ ሙዚቃ ቤት ደጅ ሳይጠና ዘፈኑን ያወጣል። ዲያስፖራው በዚያኑ ሰዓት ይሰማዋል። ችግሩ አንዲት ዘፈን ብቻዋን ሁሉንም ነገር መሆኗ ነው። ልጁ ያለውን ሁሉ ለአንድ ነጠላ ዜማና ለአንድ ክሊፕ ያፈሳል። ቪው ካላመጣ "አልሆነልኝም" ብሎ ይተዋል። ካመጣ ደግሞ ሁለተኛውን የመጀመሪያውን አስመስሎ ይሠራል፣ ሦስተኛውን ሁለተኛውን አስመስሎ። በመሃል ማንም "ቆይ፣ አንተ ማነህ? ምን ልትል ነው የመጣኸው?" አላለውም። እኛ የምንቀጠረው ለዚህች ጥያቄ ይመስለኛል።

አንዲት ልጅ አለች፣ ስሟን አልጠቅስም። ስትመጣ የሦስት ታዋቂ ዘፋኞችን ዘፈን እያስመሰለች ትዘፍናለች፣ ልክ እነሱኑ። ሰዉ በጣም ይወድላታል። ስቱዲዮ እንድንገባ ጠየቀችኝ። "አሁን አንገባም" አልኳት።

"ለምን ጋሼ? ድምፄ አይሆንም?"

"ድምፅሽማ ይሆናል። ያንቺ የቱ እንደሆነ ግን እስካሁን አላወቅኩም። አንቺስ ታውቂዋለሽ?"

ዝም አለች። ከዚያ ሆቴል ከሚጫወት ባንድ ጋር አገናኘኋት፣ እሷ በልጅነቷ ከአያቷ ጋር ስትዘፍናቸው የኖረችውን የወሎ ዜማዎች እንድትሞክር። ባንዱ በፊት አይቶት በማያውቀው መንገድ አምባሰልን ስታንቆረቁረው ቤዝ ጊታሪስቱ ቀና ብሎ አያት። ያቺ ቀና ማለት ለእኔ ከማንኛውም ቪው ትበልጣለች፣ ምክንያቱም ቤዝ ተጫዋች ብዙ ዘፋኝ ሰምቷል፣ በቀላሉ ቀና አይልም። አሁንም እዚያው በሳምንት ሁለት ማታ ትሠራለች። ተናዳብኝ ታውቃለች። እናቷም ደውላ "ልጄን ለምን ታጓትታታለህ?" ብላኛለች። ልክ ናቸው፣ ጊዜ ገንዘብ ነው፣ የቤት ኪራይ አለ። ስለዚህ መጠበቅ ብቻውን አይበቃም፣ እየጠበቀች የምትበላበትን ማመቻቸትም ሥራዬ ነው። የሆቴሉ ክፍያ ለዚያ ነው።

ይህ ሥራ እምቢ ማለትን ይጠይቃል። ለዘፋኙ፣ ለባለ ገንዘቡ፣ ለራስህ ጉጉትም። እምቢ ስትል ግን ሰውየው እንደማትተወው ማወቅ አለበት። በእምቢታህና በመተውህ መካከል ልዩነት ካላየ፣ ነገ ሌላ ጋ ይሄዳል፣ ቢሄድም አይፈረድበትም።

ወደ ግርማ በየነ ልመለስ። ይህ ሰው በርካታ ዘፈን አቀናብሯል፣ እናቶቻችንና አባቶቻችን የተጋቡበትን ሙዚቃ ሠርቷል። በራሱ ድምፅ የተቀዱለት ጥቂት ናቸው። አሜሪካ ውስጥ ለዓመታት ከሙዚቃ ርቆ ኖረ። በ2017 ኢትዮፒክስ ሠላሳኛው ሲዲ ላይ፣ አካሌ ውቤ ከሚባል የፈረንሳይ ባንድ ጋር፣ እንደገና ሲዘፍን ሰማነው። ደስ አለኝ። ተቆጨሁም። ዘፋኙን ሁሉም ሰው ያውቀዋል። አሳታሚውን ቢያንስ እኛ ባለሙያዎቹ እናውቀዋለን። ያንን ድምፅ የሠራው አቀናባሪ ግን ከእያንዳንዱ ዘፈን ትንሽ ትንሽ እንኳ ድርሻ ቢኖረው ኖሮ፣ እነዚያን ዓመታት ፒያኖ ፊት ይቀመጥ ነበር። ስንት ዘፈን እንደቀረብን አስቡት።

አምሃም በ2021 አረፈ፣ ዓለማየሁ እሸቴም በዚያው ዓመት። አምሃ ወደ አገሩ ተመልሶ ነበር። ስለ እሱ የተጻፈውን ሁሉ አንብቤ ስጨርስ ከእኔ ጋር የቀረው ጥያቄ ይህ ነው፦ ያ ሁሉ ማገናኘት፣ ያ ሁሉ ጆሮ፣ የሚያስቀጥለው ውል ቢኖረው ኖሮ ምን ይሆን ነበር?

ስለዚህ ለዚች ልጅ በምናዘጋጀው ውል ላይ አንድ አንቀጽ አስገብቻለሁ። አቀናባሪው ቁርጥ ክፍያውን ይወስዳል፣ ከዚያ በተጨማሪ ዘፈኑ ገንዘብ ባመጣ ቁጥር ድርሻው በመቶኛ ይደርሰዋል፣ እሱ ባይኖር ለልጆቹ ይተላለፋል። የግጥምና የዜማ ደራሲዎቹም እንደዚያው። ባንዱም ስሙ በእያንዳንዱ ዘፈን መግለጫ ላይ ይጻፋል፣ ቤዝ ተጫዋቹን ጨምሮ። ጠበቃው "ይህ እዚህ አገር አልተለመደም" አለኝ፣ እንልመደው አልኩት። ባለ ገንዘቡ አጋራችን ግን እስካሁን አልፈረመበትም። መቶኛው በዛብኝ ነው የሚለው። በሚመጣው ሳምንት እንደገና እንገናኛለን፣ እኔም ከቁጥሩ አልወርድም።